ውሃው በባባ ሙራድ ደጃፍ እንዲያልፍ

ተረቴን ልጀምር ነው፤ ጆሮ ያለው ይቅረብ፣ የሌለው ከጎረቤቱ ይዋስ።

በፋርስ አገር፣ በስተምሥራቅ፣ ጨዋማው በረሃ አልቆ ተራራው ልጀምር ልተው እያለ በሚያመነታበት ቦታ፣ ከላተ ሰንጂድ የምትባል መንደር ነበረች። የት ናት ብሎ ለሚጠይቅ መንገዱ ቀላል ነው። ከከተማ በሚኒባስ ተነስቶ አስፋልቱ እስኪያልቅ፣ ቀጥሎም ኮረኮንቹ እስኪያልቅ፣ በመጨረሻም ሾፌሩ «ከዚህ ወዲያ በእግር ነው» እስኪል መሄድ ነው። የጭቃ ጣራቸው እንደ ጉልላት ያበጠ ቤቶች ከታዩ ደርሰዋል።

ሰዎቿስ? ድሮ ሠርግ ሲሆን ጣራው ሁሉ በተመልካች ይሞላ ነበር ይባላል። ይህ ነገር በሆነ ጊዜ ግን ጠዋት ጠዋት ጢስ የሚወጣባቸው ቤቶች ስድስት ብቻ ነበሩ። የመጣው ሕዝብ ቆጣሪ የመኪናውን ሞተር እንኳ ሳያጠፋ ቆጥሮ ጨርሶ ሄደ። በከተማ አንዱ እምቢ ቢል ሌላ ሰው አይታጣም። በከላተ ሰንጂድ ግን ለሁሉም ሙያ ያለው አንድ ሰው ነው። ጉድጓድ የሚወርድ አንድ፣ ክንደ ብርቱ አንድ፣ ገመድ የሚገምድ አንድ፣ ፍየል የሚያረባ አንድ። አንዱ እምቢ ካለ ተተኪ የለውም፤ ነገሩ ሁሉ የመጣው ከዚህ ነው።

ከስድስቱ ቤቶች በአንዱ ሹኩፌ የምትባል ሴት ከአማቷ ከባባ ሙራድ ጋር ትኖር ነበር። ባሏ በሩቅ ከተማ ሸክላ በሚያቃጥሉበት ምድጃ ይሠራል፤ በዓል ሲሆን ይመጣል፣ በመሀሉ ስልክ ይደውላል፤ በደወለም ቁጥር «መቼ ነው የምትመጪው?» ይላታል። እሷም «አባትህን ማን ይይዝልሃል?» ትለዋለች። መልሱ እውነት ነበር፤ ግን እውነቱ ሁሉ እንዳልሆነ ለራሷም ይታወቃት ነበር።

ባባ ሙራድ በደህናው ዘመን የመንደሩ ውሃ አካፋይ ነበሩ። የከላተ ሰንጂድ ውሃ ከተራራው ሥር ተነስቶ በመሬት ውስጥ በተቆፈረ ረጅም ዋሻ ይመጣል፤ ቃናት ይሉታል። ከዋሻው ሲወጣ በቦይ እየተንፎለፎለ በየደጁ ያልፋል፣ ከዚያ ወደ ለውዙና ወደ ሮማኑ ይገባል። ዛሬ የእከሌ ተራ ነው፣ ነገ የእከሊት ነው እያሉ ያካፍሉ የነበሩት እሳቸው ናቸው። አሁን ዓይናቸው ፈዟል፣ እግራቸው ከድቷቸዋል፤ አልጋቸው በመስኮቱ ሥር ነው። በክረምቱ ዝናብ የቃናቱ ዋሻ ተደረመሰና ውሃው ቀረ። ሰው ከታች ካለች ሚጢጢ ምንጭ በጀሪካን እየቀዳ ኖረ። ዛፎቹ ግን ጀሪካን አያጠጣቸውም። ሙቀቱ ሳይገባ ውሃው ካልመጣ ለውዙ ይደርቃል፤ ለውዙ ከደረቀ የስድስቱም ቤት ጢስ እንደሚጠፋ የማያውቅ አልነበረም። ሁሉም ያውቃል፣ ሁሉም ዝም ይላል።

አንድ ጠዋት ባባ ሙራድ «ሙሽሪት» ብለው ጠሯት። በዚያ አገር የልጅ ሚስት ዕድሜ ልኳን ሙሽራ ናት።

«አቤት ባባ፣ ምን ላምጣልዎ?»

«የሚመጣ ነገር አይደለም። ውሃው በደጄ ሲያልፍ አንዴ መስማት ነው የምፈልገው። አንዴ ብቻ። ከዚያ በኋላ ያለው የአላህ ነው።»

እኚህ ሰው ምንም ነገር ለምነዋት አያውቁም ነበር። ሹኩፌ ሻርፗን አጠበቀችና ወጣች።

አፈሩ ካልተነሳ ውሃው አይመጣ፤ ውሃው ካልመጣ ባባ ሙራድ አይሰሙ።

በመጀመሪያ የሄደችው ወደ ቃናት ቆፋሪው ወደ ኡስታ ያዱላህ ነው፤ ኡስታ ማለት የሙያው ጌታ ማለት ነው። ኡስታ ስኳሩን በጥርሳቸው ይዘው ሻያቸውን እየማጉ አገኘቻቸው።

«ኡስታ፣ ባባ ውሃውን መስማት ይፈልጋሉ። እባክዎ ወርደው አፈሩን ያንሱልን።»

ኡስታ ብርጭቆውን አስቀመጡ። «ልጄ፣ ከመሬት በላይ ከኖርኩት ከመሬት በታች የኖርኩት ይበልጣል። ጨለማውን አልፈራም። የምፈራው ከላይ ያለውን እጅ ነው። መዘውሩን እያዞረ የሚያወርደኝና የሚያወጣኝ ልጄ ነበር፤ ልጄ ደግሞ ዛሬ ከተማ ገብቶ የታክሲ መሪ ነው የሚያዞረው። ሀይደር መዘውሩን ካልያዘልኝ አልወርድም።»

«ታዲያ አይነግሩትም?»

«አንቺ ንገሪው። እኔ ደጁን ከረገጥኩ ቆይቻለሁ።»

«ተጣላችሁ እንዴ?»

ኡስታ ብርጭቆውን እንደገና አነሱ። «አልተጣላንም። ዝም ብሎ ቀረ» አሉ።

ሀይደር መዘውር ካላዞረ ኡስታ ያዱላህ አይወርዱ፤ ኡስታ ካልወረዱ አፈሩ አይነሳ፤ አፈሩ ካልተነሳ ውሃው አይመጣ፤ ውሃው ካልመጣ ባባ ሙራድ አይሰሙ።

ሀይደርን ጣራው ላይ ጭቃና ጭድ ሲለጥፍ አገኘችው። በበሩ ጎንበስ ሳይል የማይገባ ግዙፍ ሰው ነው፤ ድምፁ ግን ቀጭን ነው።

«ወንድም ሀይደር፣ መዘውሩን ያዝልን። አንተ ካልያዝክ ኡስታ አይወርዱም።»

«እኔማ ለኡስታ ክንዴን ነስቼ አላውቅም» አለ ከላይ ሆኖ። «ግን ገመዱን አይተሽዋል? በቀደም አህያዬን ባስርበት ተበጠሰ። አህያ ያልያዘ ገመድ ኡስታን ይያዝ?»

«የከተማው ናይለንስ?»

«ሲረጥብ እንደ ዓሣ ይሾልካል። የሰው ነፍስ አላንጠለጥልበትም። ኻሌ ዘሪንታጅ አዲስ የፍየል ፀጉር ገመድ ካልገመዱ መዘውሩን አልነካም።»

«ለምን አትጠይቃቸውም?»

ሀይደር ጭቃውን በእጁ አገላበጠ። «አንቺ ጠይቂልኝ» አለ።

ዘሪንታጅ ገመድ ካልገመዱ ሀይደር አያዞር፤ ሀይደር ካላዞረ ኡስታ ያዱላህ አይወርዱ፤ ኡስታ ካልወረዱ አፈሩ አይነሳ፤ አፈሩ ካልተነሳ ውሃው አይመጣ፤ ውሃው ካልመጣ ባባ ሙራድ አይሰሙ።

ኻሌ ማለት አክስቴ ማለት ነው፤ ዘመድ ሆነችም አልሆነች ዕድሜዋ የገፋ ሴት ሁሉ በዚያ አገር ኻሌ ትባላለች። ኻሌ ዘሪንታጅ ፀሐይ በምትመታው ግድግዳ ሥር እጃቸውን ጭናቸው ላይ አጣምረው ተቀምጠው ነበር።

«ገመድ?» አሉ፤ ዓይናቸው በራ። «ጣቶቼ ሥራ ፈተው እርስ በርሳቸው መጣላት ጀምረዋል፤ ገመድ ለመግመድማ እኔ ነበርኩ የምለምንሽ። ግን በምን ልግመድ? በሽበቴ? አሙ ቁርባን ፍየሎቹን ካልሸለቱ አንዲት ዘለላ ፀጉር የለኝም።»

«ለአሙ ቁርባን መልእክት አልላኩም?»

«በማን ልላክ? ደግሞ ሰው ሥራ እንዲሰጠው ይለምናል? ያስታወሰኝ ይመጣል ብዬ ተቀመጥኩ። ይኸው አንቺ መጣሽ።»

ሹኩፌ ከዚያ ስትወጣ አንድ ነገር ልቧን ከነከናት። በስድስት ቤት ውስጥ ማንም ማንን አልበደለም። ግን እያንዳንዱ ቤት የሚቀጥለውን ቤት ማንኳኳት ትቷል። መቼ እንደተዉት የሚያስታውስ የለም። እሷስ ብትሆን የኻሌ ዘሪንታጅን ደጅ መቼ ነው የረገጠችው? ሊታወሳት አልቻለም።

ቁርባን ፀጉር ካልሸለቱ ዘሪንታጅ ገመድ አይገምዱ፤ ዘሪንታጅ ካልገመዱ ሀይደር አያዞር፤ ሀይደር ካላዞረ ኡስታ ያዱላህ አይወርዱ፤ ኡስታ ካልወረዱ አፈሩ አይነሳ፤ አፈሩ ካልተነሳ ውሃው አይመጣ፤ ውሃው ካልመጣ ባባ ሙራድ አይሰሙ።

አሙ ቁርባን — አሙ ደግሞ አጎቴ ማለት ነው — ከሸለቆው ማዶ ካለው ኮረብታ ላይ ነበሩ። ሹኩፌ ፀሐይ አናት ላይ እስክትወጣ ድረስ አቀበቱን ወጣች። ፍየሎቹ ፀጉራቸው ከመርዘሙ የተነሳ እሾኹን ሁሉ እየጠረጉ ይሄዳሉ። አሙ ቁርባን የተቦጫጨቀ ካፖርት ደርበው ቋጥኝ ሥር ተቀምጠዋል።

«አሙ፣ ለምን መንደር አይገቡም? ለምንስ ፍየሎቹን አይሸልቱም?»

«ፍየል ሜዳ ላይ አይሸለትም፤ አንዷን ስይዝ ሌላዋ ተራራ ትወጣለች። የሚሸለተው በጋጣ ነው። ጋጣዬ መንደር ውስጥ ነው፤ የጋጣው መንገድ የሚያልፈው በጉልኔሳ አትክልት ቦታ ነው። በጎርፉ የፈረሰውን የወዲያኛውን መንገድ ታውቂዋለሽ፣ ድመት እንኳ አያሳልፍም። ጉልኔሳ ደግሞ በሩን ቆልፋለች። ይኸው እኔም ፍየሎቼም በቋጥኝ ሥር እናድራለን።»

«አንኳኩተዋል?»

«የተቆለፈ በር ምን ያንኳኩታል? የቆለፈ ሰው አልፈልጋችሁም ማለቱ ነው።»

ጉልኔሳ በሩን ካልከፈቱ ፍየሎቹ አይገቡ፤ ፍየሎቹ ካልገቡ ቁርባን አይሸልቱ፤ ቁርባን ካልሸለቱ ዘሪንታጅ አይገምዱ፤ ዘሪንታጅ ካልገመዱ ሀይደር አያዞር፤ ሀይደር ካላዞረ ኡስታ ያዱላህ አይወርዱ፤ ኡስታ ካልወረዱ አፈሩ አይነሳ፤ አፈሩ ካልተነሳ ውሃው አይመጣ፤ ውሃው ካልመጣ ባባ ሙራድ አይሰሙ።

ሹኩፌ ቁልቁለቱን ወርዳ መጀመሪያ ወደ ቤቷ ገባች። ባባ ሙራድ ጠዋት የተወችላቸውን ሾርባ አልነኩትም። ትንፋሻቸው አጥሯል።

«መጣ?» አሏት።

«ገና ነው ባባ» አለችና የሆነውን ሁሉ፣ ከኡስታ እስከ ጉልኔሳ በር፣ አንድ በአንድ ነገረቻቸው። ሽማግሌው ሳቅ ሲሉ ሳል ያዛቸው።

«ከተራራው እስከ ደጄ ውሃው ራሱ ይህን ያህል አይዞርም» አሉ። ቀጥለውም በሐሳብ፣ «ጉልኔሳ በር ቆልፋ አታውቅም። ምን ሆነች?» አሉ።

ጉልኔሳ ምን እንደሆኑ ማንም አልጠየቀም ነበር።

ሹኩፌ ሄዳ አንኳኳች። ደግማ አንኳኳች፤ «እኔ ነኝ ኻሌ፣ የባባ ሙራድ ሙሽራ» አለች። ብረቱ ተንኳኳና ጉልኔሳ የቤታቸውን በር ከፈቱ። ክፍሉ ባዶ ነው። ምንጣፉ ተጠቅልሏል፣ ብርድ ልብሱ በገመድ ታስሯል፣ ግድግዳው ላይ የሥዕል ቦታ ነጭ ሆኖ ቀርቷል። ከታሰረው ጓዝ አንዱ ላይ ተቀመጡና ለእሷም ሌላውን አመለከቷት።

«ልጄ በመኪና ሊወስደኝ ነው» አሉ። «የሚሄድ ሰው በሩን ከፍቶ አይሄድም፤ ለዚያ ነው የቆለፍኩት።»

ሹኩፌ አፏ ላይ የመጣው «እሰይ፣ ከልጅዎ ጋር መሆን ይሻልዎታል» የሚል ነበር። በዚያ መንደር ለሚሄድ ሰው የሚባለው ይኸው ነው። ልትለው ስትል የሴትየዋን ፊት አየች።

«መሄድ ይፈልጋሉ ኻሌ?»

ጉልኔሳ የሻርፓቸውን ጫፍ በጣታቸው ጠቀለሉ። «ለኡስታ ያዱላህ ሚስት እሄዳለሁ አልኳት፤ ይቅናሽ አለች። ለሀይደር ነገርኩት፤ ዕቃ ልሸከምልሽ አለ። ዘሪንታጅ ደግሞ መረቀችኝ። ሁሉም ደግ ናቸው፤ ሂጂ ያለኝ የለም። ግን አትሂጂብን ያለኝ አንድ ሰው የለም። ዕድሜዬን የኖርኩበት አገር፣ አንድ ሰው! እንግዲህ ለካ ብኖርም ባልኖርም ያው ነኝ አልኩና ጓዜን አሰርኩ።»

ቃሉ ቀላል ነው፤ አንድ ሕፃን እንኳ ሊለው ይችላል። ለሹኩፌ ግን ከበዳት። ሌላውን ቅሪ ማለት ራስንም ማሰር ነው። ጉልኔሳም ይህንኑ ያዩባት ይመስል፣ «አንቺስ?» አሏት። «ሙራድ ካረፈ በኋላ የምትሄጂው ባልሽ ጋ አይደለም?»

ልትዋሽ ትችል ነበር። «አላውቅም ኻሌ» አለች። «እውነቴን ነው፣ አላውቅም። ማታ እሄዳለሁ እላለሁ፤ ጠዋት ተነስቼ ጢሳችሁን ስቆጥር ደግሞ ሐሳቤን እለውጣለሁ። የእርስዎ ጣራ ጢስ የሌለው ቀን ልቤ ይፈራል። የነገውን ቃል ልገባልዎ አልችልም። ግን እስካለሁ ድረስ… አይሂዱብኝ። እለምንዎታለሁ፣ አይሂዱብኝ።»

ጉልኔሳ እጃቸውን ወደ ደረታቸው ሰደው የአትክልቱን በር ቁልፍ አወጡ። «በይ ያዢ» አሉ። «ያ ቁርባን የሚሉት ደንቆሮ ፍየሎቹን ያምጣ፤ ካሮቴን ከበሉ ግን ወዮለት።»

ሹኩፌ «አይሂዱብኝ» ብትል ጉልኔሳ በሩን ከፈቱ፤ በሩ ቢከፈት ፍየሎቹ ገቡ፤ ፍየሎቹ ቢገቡ ቁርባን ሸለቱ፤ ቁርባን ቢሸልቱ ዘሪንታጅ ገመዱ፤ ጎህ ሲቀድ እየጀመሩ፣ ጀንበር ስትገባ እያቆሙ፣ ጉልኔሳ አጠገባቸው ተቀምጠው ፀጉሩን እያፍታቱላቸው ገመዱ። የሀይደር ሚስት ሻይ አመጣች፤ የኡስታ ሚስት ዳቦና አይብ አመጣች። ባዶውን የግድግዳ ሥር ወሬ ሞላው። ገመዱ ሲያልቅ ሀይደር አህያውን አስሮ ሞከረው፤ ከዚያ ራሱ ተንጠለጠለበት፤ ያዘ።

ገመዱ ቢይዝ ሀይደር መዘውሩን ጨበጠ። ኡስታ ያዱላህ ነጭ ልብሳቸውን ለብሰው መጡ፤ ቃናት ቆፋሪ ሁልጊዜ ነጭ ነው የሚለብሰው፣ ዋሻው ቢናድበት ከፈኑ እንዲሆነው። ገመዱን ወገባቸው ላይ ሲያስሩ ሀይደርን ቀና ብለው አዩት።

«ደጅህን ሳልረግጥ ቆየሁ» አሉት።

«የእኔም እግር አልተሰበረ ኡስታ» አለ ሀይደር በቀጭን ድምፁ። «ይውረዱ፣ ይዤዎታለሁ።»

መዘውሩ እየጮኸ ዞረ። ኡስታ ከዓይን ጠፉ። ባልዲ ጭቃ ወጣ፣ ባልዲ ጭቃ ወጣ፤ ወንድ ሴት ሳይል ሁሉም እየተቀባበለ ደፋ። ሹኩፌ በመሀሉ ወደ ቤት እየሮጠች ባባ ሙራድን ታያለች፤ ዓይናቸው ተከድኗል፣ ደረታቸው ከፍ ዝቅ ይላል። እጃቸውን ስትይዝ ይጨብጧታል፤ ቃል ግን የላቸውም።

ድንገት ከጉድጓዱ ድምፅ ጠፋ። ሀይደር ገመዱን ነቅነቅ አደረገው፤ መልስ የለም። ከዚያ ከታች፣ ከሩቅ፣ እንደ በርሜል የሚያስተጋባ ጩኸት መጣ፦ «አውጣኝ! አውጣኝ፣ መጣልህ!»

ሀይደር መዘውሩን አዞረ፤ በሕይወቱ እንደዚያ ቀን አዙሮ አያውቅም። ኡስታ እስከ ደረታቸው ርሰው፣ ነጩ ልብስ ጭቃ ሆኖ፣ እየሳቁ ወጡ።

ሀይደር ቢያዞር ኡስታ ወረዱ፤ ኡስታ ቢወርዱ አፈሩ ተነሳ፤ አፈሩ ቢነሳ ውሃው መጣ።

ሲመጣ ቀስ ብሎ ነው። በደረቀው ቦይ ውስጥ ቅጠሉንና አቧራውን በአፍንጫው እየገፋ፣ በየጉድጓዱ ቆም ብሎ እየሞላ፣ እንደገና ይነሳል። ሰዎቹ በሁለቱም ወገን ሆነው አብረውት ይራመዳሉ። በኡስታ ደጅ አለፈ፣ በሀይደር ደጅ አለፈ፣ በዘሪንታጅ ግድግዳ ሥር ዞረ። ሹኩፌ መስኮቱን ልትከፍት ወደፊት ሮጠች፤ ባባ ሙራድን አቅፋ ትራስ ደገፈችላቸው።

«ባባ፣ ያዳምጡ።»

መጀመሪያ የእግር ኮቴ ብቻ ነበር። ከዚያ በእግር ኮቴው መሀል ሌላ ነገር ተሰማ፣ የሚንሾካሾክ፤ ቀስ በቀስ ጎላ፣ ደጃፉ ላይ ደረሰና መንጎራጎር ጀመረ። ሁሉም በመስኮቱ ፊት ቆሙ፤ ሽማግሌው ትልቅ ነገር ይናገራሉ ብለው ጠበቁ። ባባ ሙራድ አንገታቸውን ዘንበል አድርገው ረጅም ጊዜ አዳመጡ። እንባቸው በጆሯቸው በኩል ወደ ትራሱ ወረደ።

«ማን ማን አላችሁ?» አሉ በመጨረሻ።

ኡስታ «እኔ አለሁ» አሉ። ሀይደርም አለሁ አለ። ዘሪንታጅ፣ ቁርባን፣ የኡስታና የሀይደር ሚስቶች፣ ሁሉም በየድምፃቸው። በመጨረሻ ጉልኔሳ፣ «እኔም አለሁ፣ ሙራድ» አሉ።

«እንግዲያው ተራው ያንቺ ነው» አሉ ባባ ሙራድ። «ውሃውን በመጀመሪያ ወደ ጉልኔሳ አትክልት አስገቡት።» ሥራቸው ነበርና እንዲያ ብለው አካፈሉ። ያን ዕለት ሾርባቸውን ጠጡ፤ ለውዙ ፍሬ እስኪይዝም በሕይወት ቆዩ።

የጉልኔሳ ልጅ መኪናውን ይዞ በመጣ ጊዜ እናቱ ጓዛቸውን ፈትተው ምንጣፉን አንጥፈው ጠበቁት፤ መንደሩ ስሙን ያገኘበትን ፍሬ፣ አንድ ጆንያ ሰንጂድ፣ ጭነውለት ግንባሩን ስመው ሸኙት። ሹኩፌ ትሂድ ትቅር ተረቱ አይናገርም፤ እሷም ገና አላወቀችም። ብቻ ከዚያ በኋላ ሻይዋን ለብቻዋ ጠጥታ አታውቅም።

ተረቴ ከዚህ ላይ ቆመ፤ እናንተም ስትሄዱ የጎረቤታችሁን በር አንኳኩ።